ከኢንተርኔትና ከፍላሽ የለቃቀማችሁትን ዘፈን እንዴት ማኅደር ታደርጉታላችሁ?

ደብረ ብርሃን ውስጥ ኮምፒውተር ይነካካል የተባለ ሰው ሁሉ ይቺን ጥያቄ ያውቃታል። «ዘፈን ሞልቶኛል፣ የምፈልገውን ግን አላገኘውም፤ ምን ላድርግ?» ጠያቂው አንዴ የአዲስ አበባ መስመር ሹፌር ነው፤ አንዴ ሠርግ የሚያጫውት ልጅ ነው፤ አንዴ ከመሐል ሜዳ ወይም ከአለም ከተማ የሚደውል ዘመድ ነው። ፍላሹ ሲከፈት የሚታየው ግን ያው ነው። «ትራክ 01»፣ «ትራክ 01 ኮፒ»፣ «አዲስ ምርጥ»፣ «አዲስ ምርጥ 2»። መልሱም ያው ስለሆነ በጽሑፍ ይኸው።

ሥራው ሁሉ አንድ ደንብ ላይ የቆመ ነው። ያልተፈተሸ፣ ያልተሰማና ስሙ ያልተስተካከለ ፋይል ወደ ማኅደሩ አይገባም። «አሁን ልሰብስብ፣ በኋላ አስተካክለዋለሁ» አይሠራም። ያ «በኋላ» ሲመጣ ፋይሉ ብዛቱ ብቻ ያስፈራል።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

• ኮምፒውተር። ላፕቶፕ ቢሆን ይመረጣል፤ ፋይል እየተገለበጠ መብራት ቢሄድ ባትሪው ያድናችኋል። ዴስክቶፕ ከሆነ መብራት ሲሄድ ለጥቂት ጊዜ የሚይዝ ዩፒኤስ ይኑረው።
• ሁለት ኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ። 500 ጊጋባይት ከበቂ በላይ ነው። አምስት ደቂቃ የሚፈጅ ዘፈን በ320 ጥራት (በሰከንድ 320 ኪሎቢት ማለት ነው) 12 ሜጋባይት ያህል ይይዛል፤ በ128 ደግሞ 5 ሜጋባይት። ስለዚህ አንዱ ዲስክ በ320 እንኳ ከ40,000 ዘፈን በላይ ይችላል።
• ለመኪና 32 ጊጋባይት ፍላሽ። ለምን 32 እንደሆነ ወደ መጨረሻው ታገኙታላችሁ።
• ነፃ ፕሮግራሞች፦ የታሸገ ፋይል ለመፍታት 7-ዚፕ፣ ስምና መረጃ ለማስተካከል ኤምፒ3ታግ፣ ጥራት ለማየት ስፔክ፣ ለማጫወት ቪኤልሲ። ሁሉንም ከራሳቸው ከአዘጋጆቹ ገጽ አውርዱ።
• የጆሮ ማዳመጫ። የላፕቶፕ ስፒከር ጉድለት ይደብቃል።
• የአማርኛ ኪቦርድ። ዊንዶውስ ራሱ አለው፤ ከቋንቋ ማስተካከያው ውስጥ አማርኛን መጨመር ብቻ ነው።
• አንድ ደብተር፣ ወይም አንድ የጽሑፍ ፋይል።

1. ሦስት ፎልደር ክፈቱ

«01 መግቢያ»፣ «02 ማኅደር»፣ «03 መኪና» በሏቸው። ቁጥሩ ከፊት ያለው ሁልጊዜ በዚሁ ተራ እንዲቀመጡ ነው። ከየትም የመጣ ፋይል መጀመሪያ መግቢያ ውስጥ ያርፋል። ከዚያ የሚወጣው ወይ ወደ ማኅደር ነው፣ ወይ ወደ መጣያ።

ማኅደሩን ከውስጥ ስትከፍሉ መጀመሪያ በዓይነት ክፈሉት፤ ዘፈን፣ መዝሙር፣ በገና፣ ባህላዊ፣ የውጭ። መዝሙርና ዘፈን መለየቱ ጌጥ አይደለም። ሹፍል (ዘፈን እያዘበራረቀ የሚያጫውተው) ላይ አድርጋችሁ በዐቢይ ጾም ከበገናው ቀጥሎ እስክስታ ቢመጣ ቤት ውስጥ የሚፈጠረውን ታውቁታላችሁ። ከዓይነቱ ሥር የድምፃዊው ስም፣ ከዚያ አልበሙ፣ ከዚያ ዘፈኑ ይግባ። ከዚህ በላይ አትከፋፍሉ። «የፍቅር»፣ «የናፍቆት»፣ «የቆየ» እያሉ ፎልደር መክፈት ዘፈን መደበቂያ ነው።

2. ሊንኩን ሳይሆን ፋይሉን ያዙ

ኢንተርኔት ላይ የተጋራ ፋይል ዛሬ አለ፣ ነገ የለም። ሜጋአፕሎድ የተባለው ትልቅ የፋይል ማጋሪያ እ.ኤ.አ. በጥር 2012 ሲዘጋ ሊንክ ብቻ ያስቀመጠ ሰው እጁ ባዶ ቀርቷል። የምትፈልጉትን ካገኛችሁ አውርዱ፤ ከየት እንዳገኛችሁትም ደብተሩ ላይ ጻፉ። በኋላ ፋይሉ ጎዶሎ ሆኖ ቢገኝ የት እንደምትመለሱ ታውቃላችሁ።

ከቴሌግራም ስታወርዱ መተግበሪያው ውስጥ መጫወቱ አይብቃችሁ። ዘፈኑ ያለው በጊዜያዊ ማስቀመጫ ነው፤ ስልኩ ቦታ ሲያጣ ወይም እናንተ ካሹን ስታጸዱ ይጠፋል። «ወደ ዳውንሎድ አስቀምጥ» የሚለውን ተጫኑ። በድምፅ መልእክት መልክ የተላከላችሁን ዘፈን ደግሞ እለፉት። ንግግር እንዲችል ተጨምቆ ስለሚላክ የሙዚቃው ዝርዝር አይተርፍም።

ማስጠንቀቂያ፦ በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት ያለ ባለመብቱ ፈቃድ ሥራን አባዝቶ መሸጥ ክልክል ነው። ድምፃዊው ወይም አሳታሚው ራሱ በነፃ የለቀቀውን ያለ ሐሳብ አውርዱ። ገበያ ላይ ያለ አልበም ግን ይገዛል። ይህ መመሪያ የራሳችሁን ማኅደር ለማደራጀት ነው እንጂ ፍላሽ እየሞሉ ለመቸርቸር አይደለም።

3. ከመክፈታችሁ በፊት ፈትሹ

መጀመሪያ ዊንዶውስ የፋይሉን ሙሉ ስም እንዲያሳይ አድርጉት። ፎልደር ክፈቱና ከእይታ ምርጫው ውስጥ የፋይል ስም ቅጥያ የሚለውን አብሩ። ይህ ካልበራ «ትዝታ ኤምፒ3» ብሎ የሚታያችሁ ፋይል መጨረሻው ላይ ኢኤክስኢ ደብቆ ሊሆን ይችላል። ኢኤክስኢ ፕሮግራም ነው፣ ዘፈን አይደለም። ኤፒኬም እንደዚያው። ዘፈን በኤምፒ3፣ በኤም4ኤ፣ በፍላክ ወይም በዌቭ ያልቃል። «ለመስማት መጀመሪያ ይህን ጫኑ» የሚል ነገር ካያችሁ ሳትከፍቱ አጥፉት።

የሰው ፍላሽ ስትሰኩ ሾርትከት ብቻ ከታየ አትንኩት። ሾርትከት ቫይረስ የሚባለው እሱ ነው። ዘፈኖቹ አልጠፉም፤ ተደብቀዋል። ከእይታ ምርጫው የተደበቁ ፋይሎችን አብሩ። ያም ካልበቃ በፎልደር አማራጮች ውስጥ የተጠበቁ የሲስተም ፋይሎችን የሚደብቀውን ምልክት አንሱ። ዘፈኖቹን ብቻ ወደ መግቢያ ገልብጡ፣ በፀረ ቫይረስ አስፈትሹ፣ ከዚያ ፍላሹን ባለቤቱን አስፈቅዳችሁ ፎርማት አድርጉ።

ታሽጎ የመጣ አልበም ክፍል 1፣ ክፍል 2 እየተባለ የተቆራረጠ ከሆነ ሁሉንም አንድ ፎልደር ውስጥ አድርጉና የመጀመሪያውን ብቻ ፍቱ፤ ቀሪዎቹን ፕሮግራሙ ራሱ ይቀጥላቸዋል። ሲፈታ ስህተት ካወጣ አብዛኛውን ጊዜ አንዱ ክፍል ሳያልቅ ወርዷል ማለት ነው። በእኛ ኔትወርክ ይህ የተለመደ ስለሆነ መጠናቸውን አስተያዩ። ከመጨረሻው በስተቀር ሌሎቹ እኩል መሆን አለባቸው። ያነሰውን ብቻ እንደገና አውርዱ።

4. ስሙት፣ እዩትም

ዘፈኑን ከመጀመሪያው፣ ከመሐሉና ከመጨረሻው ጥቂት ጥቂት ስሙ። መጨረሻው የተቆረጠ ዘፈን ብዙ ነው። መሐሉ ላይ የቻናል ማስታወቂያ የተነገረበትም አለ። ከካሴት የተቀዳ ከሆነ ፍጥነቱንም ልብ በሉ። የምታውቁት ድምፃዊ ድምፁ ቀጥኖ ከሰማችሁት ቴፑ ሲቀዳ ፈጥኗል፤ ሌላ ቅጂ ፈልጉ።

ቀጥሎ በስፔክ ክፈቱት። ባለቀለም ሥዕል ይመጣል፤ ወደ ላይ የሚሄደው የድምፁ ቅጥነት ነው። እውነተኛ 320 ወደ 20 ኪሎኸርዝ ይደርሳል። 128 የነበረ ፋይል 16 ኪሎኸርዝ አካባቢ በማስመሪያ እንደተሰመረ ቀጥ ብሎ ይቆረጣል። ስሙ 320 ብሎ ሥዕሉ 16 ላይ ከተቆረጠ አንድ ሰው ትንሹን ፋይል አሳብጦታል። የወደቀ ድምፅ ተመልሶ አይገኝም፤ የጨመረው የፋይሉ ክብደት ብቻ ነው።

እዚህ ላይ ግን አትቸኩሉ። የድሮ ካሴት ቅጂ ከተፈጥሮው ላይኛው ድምፅ ያንሰዋል። እሱ ቀስ እያለ ይደበዝዛል እንጂ ቀጥ ብሎ አይቆረጥም። ሌላ ቅጂ የሌለው የመንዝ ሽለላ በ128 እጃችሁ ከገባ አስቀምጡት። ጥራት የምናማርጠው ምርጫ ሲኖር ነው።

5. ስሙን አስተካክሉ

ሰው ሁሉ የሚሰለቸው እዚህ ነው። ማኅደሩ የሚሠራውም የሚበላሸውም እዚሁ ነው።

የፋይሉ ስም ይህን ቅርጽ ይያዝ፤ ተራ ቁጥር፣ ድምፃዊ፣ የዘፈኑ ርዕስ። ተራ ቁጥሩን በሁለት አኃዝ ጻፉ፤ 01፣ 02 እያላችሁ። በ1 ከጀመራችሁ ብዙ ማጫወቻዎች ከ1 ቀጥሎ 10ን ያመጣሉ።

የድምፃዊው ስም ከፋይሉ ላይ አይቅር። ፎልደሩ ላይ አለ ብላችሁ አትተውት። «ትዝታ» የሚል ርዕስ ያለው ዘፈን ስንት ድምፃዊ እንዳለው አስቡት። ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺ ሆዬ የቅኝት ስሞችም ስለሆኑ ፋይሎች ላይ በብዛት ይገኛሉ። «ትዝታ» ብቻ የተባሉ ሁለት ፋይሎች አንድ ፎልደር ላይ ሲገናኙ ዊንዶውስ «ልተካው?» ብሎ ይጠይቃል። አዎ ያላችሁ ጊዜ አንዱ ሄደ።

አሁን ወደ ፊደል። ለእኛ ሰ እና ሠ አንድ ድምፅ ናቸው፤ ለኮምፒውተር ግን ሁለት የተለያዩ ፊደሎች ናቸው። «ገሠሠ» ብላችሁ ከጻፋችሁ «ገሰሰ» ብሎ የሚፈልግ ሰው ጥላሁንን አያገኘውም። ሀ፣ ሐ እና ኀ፣ ጸ እና ፀ፣ አ እና ዐ ሁሉ እንደዚያው። በተራም ይለያያሉ። «አለማየሁ» በአ ይቀመጣል፤ «ዓለማየሁ» ግን ከከ እና ከወ በኋላ፣ በዐ ሥር። አንድ ድምፃዊ ሁለት ሰው ሆኖ ቁጭ አለ። ማህሙድ አህመድንማ ማህሙድ፣ መሐሙድ፣ ሙሐሙድ እየተባለ በየፎልደሩ ታገኙታላችሁ።

መፍትሔው ደብተሩ ነው። ለእያንዳንዱ ድምፃዊ አንድ አጻጻፍ ምረጡና መዝግቡ። የአልበሙ ሽፋን ላይ የታተመው ካለ እሱን ውሰዱ። ከዚያ በኋላ የትኛው ነው ትክክል ብሎ ክርክር የለም፤ ደብተሩ ያለው ነው። አዲስ ፋይል ስታስገቡም ከደብተሩ ቅዱ እንጂ ከጭንቅላታችሁ አትጻፉ።

ስሙን ከአባት አታስጀምሩ። የውጭ ፕሮግራሞች የሁለተኛውን ስም እያስቀደሙ ሊደረድሩ ይሞክራሉ። እኛ ጋ ድምፃዊውን የምናውቀው በራሱ ስም ነው፤ ፎልደሩም በራሱ ስም ይጀምር።

ርዕሱን የማታውቁት ዘፈን ሲገጥማችሁ የአዝማቹን መጀመሪያ ጻፉና ከፊቱ «ያልታወቀ» በሉ። ባህላዊ ከሆነ ሰፈር ውስጥ የሚያውቅ ትልቅ ሰው አይጠፋም፤ በስልክ አሰሙና ጠይቁ። ግምታችሁን እንደ እውነት አትጻፉ። የተሳሳተ ስም ከሌለው ስም ይብሳል፤ ተመልሶ የሚያጣራው የለምና።

የጥንት ፋይሎች ላይ አንዳንዴ የማይነበብ የምልክት ድርድር ታያላችሁ። ዩኒኮድ የተባለው የዛሬው የጋራ የፊደል አሠራር ሳይለመድ በነበሩ የግዕዝ ፕሮግራሞች የተጻፉ ናቸው። እንደ አዲስ በዩኒኮድ ጻፏቸው።

6. የውስጡን መረጃ ሙሉ

የፋይሉ ስም ውጪው ነው። ማጫወቻው የሚያሳያችሁ ግን ፋይሉ ውስጥ የተጻፈውን ነው፤ ታግ ይሉታል። ስሙን አስተካክላችሁ ስልኩ ላይ አሁንም የቴሌግራም ቻናል ስም በድምፃዊ ቦታ የሚመጣው ለዚህ ነው።

ኤምፒ3ታግን ክፈቱ፤ የአልበሙን ዘፈኖች በሙሉ ምረጡ። ድምፃዊ፣ አልበም፣ ዓመትና ዓይነት በአንድ ጊዜ ይሞላሉ። ርዕስና ተራ ቁጥር በየዘፈኑ ነው። የፋይሉን ስም ቀድማችሁ ካስተካከላችሁ ግን ኦልት እና 2 ተጫኑ፤ ፕሮግራሙ ከፋይሉ ስም ወደ ውስጥ ይሞላላችኋል። ኦልት እና 1 ደግሞ በተቃራኒው ነው። ከማጽደቃችሁ በፊት የሚያሳያችሁን ናሙና አንብቡ።

የአልበሙ ባለቤት የሚለውን ቦታ አትዝለሉ። የተለያዩ ድምፃውያን ያሉበት ስብስብ ከሆነ እዚያ ላይ «ልዩ ልዩ ድምፃውያን» በሉ። ካልሞላችሁት አንዱ አልበም በድምፃውያኑ ቁጥር ይሰነጣጠቃል።

ዓመቱ ላይ ብዙ ሰው ይወድቃል። ካሴቱ ላይ የታተመው በኛ አቆጣጠር ነው፤ ከውጭ የመጣው ሲዲ በፈረንጅ ነው። ሁለቱን ቀላቅላችሁ ከጻፋችሁ 1985 ያላችሁት ሁለት ዘፈን በሰባትና በስምንት ዓመት ይራራቃል። እኔ የዓመቱን ቦታ በፈረንጅ እሞላለሁ፤ የኛውን «1985 ዓ.ም.» ብዬ አስተያየት የሚለው ቦታ ላይ አስቀምጣለሁ። ወሩ ከታወቀ ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ 22 ገደማ 7፣ ከዚያ በኋላ 8 ደምሩ። ወሩ ካልታወቀ 8 ደምሩ፤ የዓመቱ ብዙ ወር የሚያርፈው እዚያ ነው።

የሽፋን ሥዕል ከጨመራችሁ 500 በ500 ፒክስል ይበቃል። ትልቅ ሥዕል ርካሽ የመኪና ማጫወቻን ያንገዳግደዋል።

ስማቸውን በራሱ ፈልጎ የሚሞላ ፕሮግራምም አለ፤ ሙዚክብሬንዝ ፒካርድ ይባላል። ለውጭ ዘፈን ግሩም ነው። ለአማርኛ ግን ውጭ አገር በሲዲ ለታተመው ካልሆነ ብዙም አትመኑት። ያመጣውን አንድ በአንድ እዩ፤ በጅምላ አታጽድቁ።

7. ድግግሞሽ ስታጸዱ እጃችሁን ሰብስቡ

ከሦስት ሰው ፍላሽ የሰበሰበ ሰው አንዱን ዘፈን ሦስቴ ያገኘዋል። ዱፕጉሩ የሚባለው ነፃ ፕሮግራም ተመሳሳዮቹን ያወጣላችኋል። ሰርዝ ከማለታችሁ በፊት ግን ርዝመታቸውን አስተያዩ። ርዝመታቸው በብዙ ሰከንድ ከተለያየ ምናልባት አንዱ የድሮው ከባንድ ጋር የተቀዳው፣ ሌላው ድምፃዊው ኋላ በኪቦርድ ደግሞ የሠራው ነው። ሁለቱም ይቀመጡ፤ ርዕሱ መጨረሻ ላይ «የቀድሞው» እና «ዳግም የተሠራ» ብላችሁ ለዩአቸው።

8. ወደ ማኅደር አስገቡ፣ ከዚያ ሁለተኛ ቅጂ

ከመግቢያ ወደ ማኅደር ስትወስዱ ቁረጡ የሚለውን ሳይሆን ኮፒ የሚለውን ተጠቀሙ። መሐል ላይ መብራት ቢሄድ ወይም ገመዱ ቢነቀል ቢያንስ ዋናው አለ። ከተገለበጠ በኋላ የፋይሎቹን ቁጥርና መጠን አመሳክሩ፣ ከዚያ መግቢያውን አጽዱ።

ሁለተኛው ዲስክ ሌላ ቤት ይቀመጥ። እህት ጋ፣ ወንድም ጋ። አንድ ቦርሳ ውስጥ ያሉ ሁለት ዲስኮች አብረው ይሰረቃሉ። በወር አንዴ አምጡና አዲሱን ጨምሩ። ፍላሽ ማመላለሻ ነው እንጂ ጎተራ አይደለም፤ ማኅደራችሁን በፍላሽ ብቻ አታኑሩ።

የአገራችንን አየርም አስቡ። ደብረ ብርሃን ወይም ጣርማ በር ሌሊቱን መኪና ውስጥ ያደረ ዲስክ ሸዋ ሮቢት ወርዶ ሞቃት ክፍል ውስጥ ወዲያው ቢሰካ ጤዛ ሊይዝበት ይችላል። ቦርሳው ውስጥ እንዳለ ግማሽ ሰዓት ያህል ይቆይ።

ማስጠንቀቂያ፦ ዋጋው ከሌሎቹ እጅግ የወረደ 1 ቴራባይት ፍላሽ አትግዙ። ብዙዎቹ የያዙትን ቦታ የሚዋሹ ናቸው። ሲሞላ ስሙን ያሳያል፣ ፋይሉ ግን አይከፈትም። አዲስ ፍላሽ ወይም ዲስክ በኤች2ቴስት ደብሊው ፈትሻችሁ ተጠቀሙ።

9. የመኪናውን ፍላሽ ለብቻ አዘጋጁ

ማኅደሩን እንዳለ መኪና ላይ አትሰኩ። ብዙ የመኪና ማጫወቻ የሚያነበው ፋት32 የተባለውን አቀማመጥ ነው። ዊንዶውስ ደግሞ ከ32 ጊጋባይት በላይ ለሆነ ፍላሽ በተለመደው ፎርማት መስኮት ይህን አብዛኛውን ጊዜ አያቀርብም። 32 ግዙ ያልኳችሁ ለዚህ ነው።

የአማርኛ ፊደል የማያሳይ ማጫወቻ ሞልቷል፤ ሣጥን ሣጥን ይደረድራል። መጀመሪያ አንድ ዘፈን ጭናችሁ ሞክሩ። ካላነበበ «03 መኪና» ውስጥ ባሉት ቅጂዎች ላይ ብቻ ስሙንና ታጉን በላቲን ፊደል ቀይሩ። ዋናው ማኅደር አይነካ።

ርካሽ ማጫወቻ ዘፈኑን የሚያሰማው በስሙ ተራ ሳይሆን በተገለበጠበት ተራ ነው። ፎልደሮቹን በምትፈልጉት ቅደም ተከተል አንድ በአንድ ገልብጡ። አንዱ ዘፈን እየጮኸ ሌላው እየተንሾካሾከ ካስቸገረ ኤምፒ3ጌይን ያስተካክለዋል፤ 89 የሚለውን መነሻ አትቀይሩት። ይህንንም ቅጂው ላይ ብቻ።

የካሴት ነገር

«አባቴ የተዉት ካሴት አለ» ለሚሉ በአጭሩ። ካሴቱን መጀመሪያ እስከ ጫፍ አዙሩና መልሱ፤ የተጣበቀው ይላቀቃል። የቴፑን ራስ በአልኮል በተነከረ ጥጥ ጥረጉ። ከቴፑ የጆሮ ማዳመጫ ቀዳዳ ወደ ኮምፒውተሩ የድምፅ መግቢያ በገመድ አገናኙ። መግቢያ የሌለው ላፕቶፕ የዩኤስቢ ሳውንድ ካርድ ይፈልጋል። ኦዳሲቲ በተባለው ነፃ ፕሮግራም በ44,100 ኸርዝ ቅዱ፤ የድምፁ ከፍታ ከ-6 ዴሲቤል ብዙ አይለፍ፣ 0 ላይ ከደረሰ ይሰነጠቃል። መጀመሪያ በዌቭ ወይም በፍላክ አስቀምጡ፤ ኤምፒ3ው ከዚያ ይወጣል። የ60 ደቂቃ ካሴት በዌቭ 600 ሜጋባይት ያህል ይሆናል። ከዚያ ወደ መግቢያ ፎልደሩ፣ እንደማንኛውም ፋይል።

የሚደጋገሙ ስህተቶች

ማኅደሩን በሙሉ ወደ አንድ ጥራት መለወጥ። ኤምፒ3ን ወደ ኤምፒ3 በለወጣችሁ ቁጥር ድምፁ ይጎዳል። እንደመጣ ተዉት።

የፋይሉ ስም ላይ የጥያቄ ምልክት (?)፣ የፈረንጁን ሁለት ነጥብ (:) ወይም እዝባር (/) መጻፍ። ዊንዶውስ አይቀበላቸውም። የኛን «፣» እና «።» ይቀበላል፤ ፍለጋ ላይ ግን ያስቸግራሉ፣ ባይኖሩ ይሻላል።

ዲስኩን ሳያሰናብቱ መንቀል። «በደህና አስወጣ» የሚለው ሳይመጣ ከነቀላችሁ መጨረሻ ላይ የገቡት ፋይሎች ባዶ ሆነው ሊቀሩ ይችላሉ።

ሁሉንም በአንድ ቅዳሜ ለመጨረስ መነሳት። ሲመሽ ዓይን ይደክማል፣ «ገሠሠ»ም «ገሰሰ» ይሆናል። በቀን አንድ አልበም በቂ ነው፤ ከምትሰሙት ጀምሩ።